የመምህር ዋጋ በደቀ መዛሙርቱ ይታወቃል

ለሰው ከሚሰጡት አደራዎች ሁሉ የሌላውን ልጅ ተቀብሎ ማስተማርን የሚያህል ከባድ አደራ የለም። ወርቅ የተረከበ ሰው ወርቁን ቈጥሮ ቢመልስ ከአደራው ነፃ ይወጣል፤ ልጅ የተረከበ መምህር ግን እንደ ተረከበው ቢመልሰው እንኳ አደራውን እንደ በላ ይቈጠራል። ከእርሱ የሚጠበቀው ጨምሮና አሳድጎ መመለስ ነውና። ይህም ሕግ በፊደልና በመጽሐፍ ትምህርት ብቻ ሳይሆን በእጅ ሥራም፤ በወታደርነትም፤ በጨዋታም ጭምር የጸና ነው።

በጨዋታም ጭምር ማለታችን ምናልባት አንዳንዱን አንባቢ ያስደንቀው ይሆናል። ኳስ መጫወት የሥራ ፈት ልጆች መዋያ ነው እንጂ የትምህርት ወገን አይደለም የሚል ሰው ዛሬም አይጠፋምና። ነገር ግን አንድን ሥራ ክቡር ወይም ወራዳ የሚያደርገው ሠሪው እንጂ የሥራው ስም አይደለም። ለዚህም ምስክር ይሆነን ዘንድ በተባበሩት የአሜሪካ መንግሥታት በቴነሲ ግዛት ሴቶች ተማሪዎችን የቅርጫት ኳስ 38 ዓመት ያስተማሩትን የወይዘሮ ፓት ሰሚትን ታሪክ በዚህ ገጽ ልንናገር ወደድን። ከዚህ በታች የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።

አስቀድመን ስለ ጨዋታው ጥቂት እንበል። የቅርጫት ኳስ በ1891 ዓ.ም. በማሳቹሴትስ ግዛት በስፕሪንግፊልድ ከተማ ጄምስ ኔይስሚዝ የተባሉ መምህር፤ በክረምት ብርድ ምክንያት ከቤት ውጭ መጫወት ላልቻሉ ተማሪዎች የፈጠሩት ጨዋታ ነው። በአዳራሹ ወዲህና ወዲያ ቅርጫት ከፍ አድርገው ሰቀሉ፤ ኳሱንም በእጅ እየተቀባበለ ከባላጋራው ቅርጫት ውስጥ የጨመረ ወገን ነጥብ እንዲቈጠርለት ሥርዓት አወጡ። በሚከተለው ዓመት በ1892 ዓ.ም. በዚያው ግዛት ሴንዳ ቤረንሰን የተባሉ መምህርት ጨዋታውን በስሚዝ ኮሌጅ ለሚማሩ ሴቶች አስተማሩት። ነገር ግን ሴት ልጅ ብዙ ብትሮጥ ሰውነቷ ይጎዳል የሚል አሳብ በዚያ ዘመን ጸንቶ ነበርና ሜዳው በሦስት ተከፍሎ እያንዳንዷ ሴት ከተመደበላት ክፍል እንዳትወጣ ተከለከለ። ይህ አሳብ እየላላ ቢሄድም ቶሎ አልጠፋም። በቴነሲ ግዛት በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች የሚማሩ ሴቶች ልጆች ሦስቱ በማጥቃት፤ ሦስቱ በመከላከል ብቻ ተወስነው በእኩሌታ ሜዳ ሲጫወቱ እስከ 1970ዎቹ ዓመታት መጨረሻ ድረስ ቈይተዋል። ወይዘሮ ፓት ያደጉት በዚህ ሥርዓት ውስጥ ነው።

ወይዘሮ ፓት በአባታቸው ስም ፓትሪሺያ ሄድ ሲባሉ በ1952 ዓ.ም. በቴነሲ ግዛት በክላርክስቪል ከተማ ተወለዱ። አባታቸው ሪቻርድ ሄድና እናታቸው ሄዝል በእርሻ የሚተዳደሩ ሰዎች ነበሩ፤ ላም ያልባሉ፤ ትምባሆ ይተክላሉ፤ ድርቆሽ ያጭዳሉ። ከአምስቱ ልጆች አራተኛይቱ እርሳቸው ሲሆኑ ሦስቱ ታላላቆቻቸው ወንዶች ናቸው። በዚያ ቤት ይህ ሥራ የወንድ ነው፤ ያ ሥራ የሴት ነው ተብሎ የተለየ ነገር አልነበረምና ከወንድሞቻቸው ጋር እኩል እየሠሩ አደጉ። ማታ የቀኑ ሥራ ሲያልቅ ድርቆሽ ከሚከማችበት ቆጥ ላይ ወጥተው፤ በዚያ በሰቀሉት ቅርጫት ከወንድሞቻቸው ጋር ይጫወቱ ነበር። ላም ዛሬ በዓል ነው ተብሎ ሳትታለብ አትውልም፤ ስለዚህ የእርሻ ቤት ልጅ ደከመኝ ብሎ መቅረትን አይለምድም። ኋላ ወይዘሮ ፓት በሰው ዘንድ ለታወቁበት ትጋት ሥሩ ከዚያ እርሻ የተተከለ መሆኑን ራሳቸው ብዙ ጊዜ ተናግረዋል።

አባትየው ሪቻርድ ሄድ ቃላቸው አጭር፤ ትእዛዛቸው ብርቱ የሆነ ሰው ነበሩ። ይሁን እንጂ ለልጃቸው የዋሉት አንድ ትልቅ ውለታ አለ። በሚኖሩበት ወረዳ ባለው ትምህርት ቤት የሴቶች ቡድን ስላልነበረ ቤተ ሰባቸውን ይዘው ወሰን ተሻግረው፤ በቺታም ወረዳ ወደምትገኘው ወደ ሄንሪዬታ መንደር ተዛወሩ። በዚያ ሴቶች ልጆችም ይጫወቱ ነበርና። አንድ ገበሬ ስለ ሴት ልጁ ጨዋታ ቤቱን ነቅሎ መሄዱ በዚያ ዘመን በአሜሪካ አገርም ቢሆን ብርቅ ነገር ነበር። ከዚያም ወይዘሮ ፓት በማርቲን ከተማ ወዳለው የቴነሲ ዩኒቨርሲቲ ገቡ። ወንድሞቻቸው በጨዋታ ችሎታቸው የነፃ ትምህርት ዕድል አግኝተው ነበር፤ ለሴት ግን እንዲህ ያለ ዕድል አልነበረምና ለእርሳቸው ወላጆቻቸው ከገዛ ኪሳቸው ከፈሉ።

እርሳቸው ገና ተማሪ ሳሉ በ1972 ዓ.ም. በአሜሪካ አንድ ሕግ ወጣ። ይህም ሕግ በእንግሊዝኛ 37 ቃላት ብቻ ባሉት አንቀጽ፤ ማንም ሰው በጾታው ምክንያት የመንግሥት ገንዘብ ከሚረዳው የትምህርት ሥራ እንዳይከለከል ያዝዛል። በአንቀጹ ውስጥ ስለ ጨዋታ የሚናገር አንድ ቃል የለም፤ ነገር ግን በትምህርት ቤት የሚደረግ ጨዋታም የትምህርት ክፍል ነውና ሕጉ በዚያም ላይ ሠራ። ሕጉ ከመውጣቱ በፊት በነበረው የትምህርት ዓመት በሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች በስፖርት የሚካፈሉ ሴቶች ልጆች 294,000 ያህል ነበሩ፤ ዛሬ ግን ከ3 ሚሊዮን በላይ ናቸው። ነገር ግን ሕግ በር ይከፍታል እንጂ ሰውን እጁን ይዞ አያስገባም። በተከፈተው በር ቀድሞ የሚገባ፤ ለሌሎቹም መንገድ የሚጠርግ ሰው ያስፈልጋል። ከዚያ በር ቀድመው ከገቡት አንዲቱ ወይዘሮ ፓት ናቸው።

በ1974 ዓ.ም. የ22 ዓመት ወጣት ሳሉ በኖክስቪል ከተማ ወዳለው ወደ ትልቁ የቴነሲ ዩኒቨርሲቲ ሁለተኛ ዲግሪ ሊማሩና ለሴቶቹ ቡድን አሠልጣኝ ረዳት ሊሆኑ ተጠሩ። ሥራ ሳይጀምሩ ዋናዋ አሠልጣኝ ከሥራው ስለ ተለዩ ረዳት ትሆናለች የተባለችው ወጣት በአንድ ጊዜ ኃላፊ ሆነች። ከዚያ በፊት አንድ ግጥሚያ እንኳ መርተው አያውቁም። ከተጫዋቾቹም መካከል በዕድሜ ከእርሳቸው አንድ ዓመት ብቻ የሚያንሱ ነበሩ። ደመወዛቸው በወር 250 ዶላር ነበር። የተጫዋቾቹን ልብስ የሚያጥቡት እርሳቸው፤ ቡድኑ ወደ ሩቅ አገር ሲሄድ መኪናውን የሚነዱት እርሳቸው፤ ሜዳ የሚያዘጋጁትም እርሳቸው ነበሩ። የመጀመሪያውንም ግጥሚያ በመርሰር ዩኒቨርሲቲ 84 ለ83 ተሸነፉ።

እዚህ ላይ አንባቢ ይህን ነገር ልብ ይበል። ስሙ ኃላፊ፤ ሥራው ግን የሎሌ የሆነ ሹመት ሲደርሰው ብዙ ሰው ይህ ለእኔ አይገባም ብሎ ያጕረመርማል፤ ወይም ሥራውን ንቆ ደመወዙን ብቻ ይጠብቃል። ወይዘሮ ፓት ግን ልብሱን ማጠብ ከማስተማር የተለየ ሥራ ነው አላሉም። የተናቀውን ሥራ በክብር ሠሩት፤ ሥራውም ኋላ እርሳቸውን አከበራቸው። በአንድ ነጥብ የተሸነፈው ቡድን በዚያው ዓመት ከ24 ግጥሚያዎች 16ቱን አሸነፈ።

በዚያው ዘመን እርሳቸው ራሳቸው ገና ተጫዋች ነበሩ። በ1974 ዓ.ም. መጀመሪያ ጕልበታቸው ክፉኛ ተሰብሮ ነበርና ዳግመኛ መጫወት አይችሉም የሚል ሥጋት ነበር። በ1976 ዓ.ም. ግን በካናዳ አገር በሞንትሪያል ከተማ በሚደረገው የኦሊምፒክ በዓል የሴቶች የቅርጫት ኳስ ለመጀመሪያ ጊዜ እንዲገባ ስለ ተወሰነ ይህን ዕድል ሊያሳልፉት አልወደዱም። ስለዚህ ቀን ያስተምራሉ፤ ከሰዓት በኋላ ቡድናቸውን ያሠለጥናሉ፤ ለዲግሪያቸው ያጠናሉ፤ በቀረው ጊዜ ደግሞ የታመመ ጕልበታቸውን ለማጽናት ይሮጣሉ። በዚህ ድካም የአሜሪካ ቡድን አባል ብቻ ሳይሆን ከመሪዎቹ አንዲቱ ሆነው ተመረጡ። የሶቪየት ኅብረት ሴቶች አንደኛ ወጥተው አሜሪካኖቹ ሁለተኛ ሆኑና የብር ሜዳልያ ይዘው ተመለሱ። ከስምንት ዓመት በኋላ በ1984 ዓ.ም. በሎስ አንጀለስ በተደረገው ኦሊምፒክ ያንኑ የአገራቸውን ቡድን በአሠልጣኝነት መርተው፤ በመጨረሻው ግጥሚያ ደቡብ ኮርያን 85 ለ55 አሸንፈው ወርቁን አገኙ። በተጫዋችነት ያመለጣቸውን በመምህርነት አገኙት ማለት ነው።

አሁን ስለ አስተማሪነታቸው ሥርዓት እንናገር፤ የነገራችን ሥር በዚህ ነውና። ወይዘሮ ፓት ወደ ዩኒቨርሲቲው ለሚመጡ ተጫዋቾች ሁሉ ያወጡት ሕግ ከኳስ የሚጀምር አልነበረም። በትምህርት ክፍል ውስጥ ከፊተኞቹ ሦስት ረድፎች ወደ ኋላ መቀመጥ ክልክል ነው፤ ያለ በቂ ምክንያት ከትምህርት የቀረች ተጫዋች የቱንም ያህል ብርቱ ብትሆን በግጥሚያ አትሰለፍም። ይህንንም ሕግ ለደካማይቱ አጥብቀው ለብርቱይቱ አላላሉም። ሕግ ለሁሉ እኩል ካልሆነ ሕግ መሆኑ ቀርቶ ለደካማው ወጥመድ እንደሚሆን ዐውቀው ነበርና።

የዚህም ሥርዓት ፍሬ በቍጥር የሚታይ ነው። በ38 ዓመት ውስጥ በእርሳቸው እጅ የመጫወቻ ዘመናቸውን የፈጸሙት ሴቶች ሁሉ ትምህርታቸውን ጨርሰው ዲግሪ ተቀብለዋል። ብዙዎቹ እያልን አይደለም፤ ሁሉም ነው የምንለው። በአሜሪካ ዩኒቨርሲቲዎች ብርቱ ተጫዋች አምጥቶ፤ ጕልበቱን ተጠቅሞ፤ ከዚያ ያለ ዲግሪ ባዶ እጁን የመስደድ ልማድ ብዙ ነቀፋ ያስነሣ ነገር ነው። በዚህ መካከል ከተረከቧቸው ልጆች አንዲቱን እንኳ ሳይጥሉ ማድረስ ከማንኛውም ዋንጫ የሚበልጥ ሥራ መሆኑን አንባቢ ይፈርድ ዘንድ ለእርሱ እንተዋለን።

ተግሣጻቸው የበረታ መሆኑ በአገሩ ሁሉ የታወቀ ነበር። በግጥሚያ መካከል ያጠፋችውን ተጫዋች ትክ ብለው ሲያዩአት ያ አስተያየት ከቃል ይልቅ ያስፈራ እንደ ነበረ ተማሪዎቻቸው ሁሉ ይመሰክራሉ። ሴቶቹ ብርታት እንዲለምዱ ከወንዶች ተማሪዎች ጋር እንዲለማመዱ ያደርጉ ነበር። በዚህ የተማረሩም አልጠፉም። በእርግጥ ተግሣጽ ብቻውን መምህር አያደርግም፤ ፍቅር የሌለበት ቍጣ ተማሪን ያደነዝዘዋል ወይም ያሸሸዋል እንጂ አያስተምረውም። ወይዘሮ ፓት ግን በሜዳ የገሠጿትን ልጅ ማታ ከቤታቸው ጠርተው በገዛ እጃቸው ምግብ ሠርተው ያበሏት ነበር። ተማሪዋም የምትገሠጸው ስለምትጠላ ሳይሆን ከዚህ የበለጠ እንደምትችል ስለ ታመነባት መሆኑን ታውቅ ነበር። ደግሞም ወይዘሮ ፓት ዕድሜያቸው እየገፋ ሲሄድ አንዱን ልጅ የሚያቀናው ቃል ሌላውን እንደሚሰብረው ተረድተው አያያዛቸውን እንደየልጁ ጠባይ መለወጥን ተምረዋል። መምህር ሆኖ መማርን ያልተወ ሰው የተመሰገነ ነው።

ለዚህ አንድ ምሳሌ እንጥቀስ። ታሚካ ካቺንግስ የተባለች ተጫዋች ከልደቷ ጀምሮ ጆሮዋ በሚገባ አይሰማም ነበር። በሕፃንነቷ ለመስሚያ የሚረዳ መሣሪያ ታደርግ ነበር፤ ነገር ግን ልጆች ስለ ሣቁባት አውጥታ ጣለችው። ከዚያ በኋላ ሰው ሲናገር ከንፈሩን እያየች፤ የጎደለባትንም በትጋቷ እየሞላች አደገች። ወደ ቴነሲ ስትመጣ ወይዘሮ ፓት ጕድለትሽን ደብቂ አላሏትም፤ መሣሪያውን እንደ ገና እንድታደርግና በግልጥ በመታየቷ እንደ እርሷ ላሉ ሌሎች ልጆች ብርታት እንድትሆን መከሯት። እርሷም ምክሩን ተቀበለች። ኋላ ከ2004 እስከ 2016 ዓ.ም. በተደረጉት አራት ኦሊምፒኮች አራት የወርቅ ሜዳልያ አገኘች። ይህች ልጅ የተማረችው ኳስ መወርወር ብቻ አይደለም፤ በራሷ አለማፈርን ነው።

ስለ ድሎቻቸው ዝም ብንል ታሪኩ ጎደሎ ይሆናል። ነገር ግን ድሉ ፈጥኖ አልመጣም። ቡድናቸው ብዙ ጊዜ ከመጨረሻዎቹ አራት ቡድኖች መካከል እየደረሰ ዋንጫውን ሳያገኝ ይመለስ ነበር። የአገሩን ዩኒቨርሲቲዎች ሁሉ አሸናፊነት ለመጀመሪያ ጊዜ ያገኙት ሥራ በጀመሩ በ13ኛው ዓመት በ1987 ዓ.ም. ነው። ከዚያ በኋላ በ1989፤ በ1991፤ በ1996፤ በ1997፤ በ1998፤ በ2007 እና በ2008 ዓ.ም. ደገሙት፤ በጠቅላላው ስምንት ጊዜ መሆኑ ነው። በ1997 ዓ.ም. ዐሥር ጊዜ ተሸንፎ የነበረ ቡድን ይዘው ዋንጫውን ወሰዱ፤ በሚከተለው ዓመት ደግሞ 39 ጊዜ ተጋጥመው አንድ ጊዜ ሳይሸነፉ ፈጸሙ። ሥራቸውን ሲተዉ ያሸነፉት ግጥሚያ 1,098፤ የተሸነፉት 208 ነበር። ባለ ጥቂት ተመልካች አዳራሽ የተጀመረውም ሥራ በ1987 ዓ.ም. መጨረሻ ከቴክሳስ ዩኒቨርሲቲ ጋር ሲጋጠሙ ከ24,000 በላይ ሕዝብ እስኪሰበሰብ ድረስ አደገ።

በወር 250 ዶላር የጀመረው ደመወዛቸውም በ2006 ዓ.ም. በተደረገው ውል በዓመት ከአንድ ሚሊዮን ዶላር በላይ ሆነ፤ ከዚያ በፊት የሴቶች ቅርጫት ኳስ አሠልጣኝ ይህን ያህል ተከፍሎት አያውቅም። በመካከሉ የዩኒቨርሲቲውን የወንዶች ቡድን እንዲመሩ አሳብ ቀርቦላቸው ነበር። ብዙ ሰው ይህን እንደ ዕድገት በቈጠረው። እርሳቸው ግን ከሴቶች አስተማሪነት ወደ ወንዶች አስተማሪነት መሄድ ከታች ወደ ላይ መውጣት ነው የሚለውን አሳብ አልተቀበሉትም፤ እንቢ ብለው በሥራቸው ጸኑ። የሥራቸውን ክብር ራሳቸው ስላመኑ ሌላውም ሊያምነው ግድ ሆነበት።

እንግዲህ ከዚህ ሁሉ ድል በኋላ የመጣው ፈተና ነው ይህን ታሪክ ለመጻፍ ያስነሣን። በ2011 ዓ.ም. ወይዘሮ ፓት ገና 59 ዓመት ሲሆናቸው አእምሯቸው እንደ ወትሮው አልታዘዝ አላቸው። የስብሰባ ሰዓት ይጠፋባቸዋል፤ በግጥሚያ መካከል የሚያዙት ስልት ከአፋቸው ላይ ይሰወርባቸዋል። በሚኒሶታ ግዛት ወዳለው ወደ ታወቀው ወደ ማዮ ሐኪም ቤት ሄደው ተመረመሩ። ሐኪሞቹም አልዛይመር የሚባለው የመርሳት በሽታ ከጊዜው ቀድሞ እንደ ጀመራቸው ነገሯቸው። ይህ በሽታ የአንጎልን ሕዋሳት ቀስ በቀስ እየገደለ፤ መጀመሪያ የቅርቡን ነገር፤ ኋላም የቈየውን፤ በመጨረሻም የወዳጅን ስምና መልክ ከሰው ልብ የሚፍቅ ነው። እስከ ዛሬም ፈጽሞ የሚያድን መድኃኒት አልተገኘለትም። ሰውን በማስተዋልና በማዘዝ ለሚኖር ሰው ከዚህ የከፋ ደዌ ሊመጣበት አይችልም።

ባለ ሥልጣን ሲታመም ምን እንደሚያደርግ ሁላችንም እናውቃለን። ዐቅሙ እያነሰ ሲሄድ ይደብቃል፤ በዙሪያው ያሉትም ያውቁና ዝም ይላሉ፤ ሥራውም እየተበላሸ ይሄዳል። ወይዘሮ ፓት ግን በዚያው ዓመት በነሐሴ ወር ተጫዋቾቻቸውን ሰብስበው ነገሩን ገልጠው ነገሯቸው፤ በዚያው ቀን ለሕዝብም አስታወቁ። ልጆቻችሁን ለእኔ ሰጥታችሁኛልና እውነቱን የማወቅ መብት አላችሁ ማለታቸው ነበር። ከዚያም በሽታውን ለሚመረምሩ ሐኪሞችና በበሽታው ለተያዙ ሰዎች ቤተ ሰቦች የሚረዳ የበጎ አድራጎት ማኅበር አቋቋሙ። በአገሩ ሁሉ ይህ በሽታ እንደ ነውር ተሸሽጎ በየቤቱ የሚኖር ነበርና የእርሳቸው በግልጥ መናገር ብዙ ቤተ ሰብ አፉን እንዲከፍት አደረገ።

አንድ ዓመት ደግሞ በሥራቸው ላይ ቈዩ፤ ነገር ግን ብቻቸውን አልሠሩም። ሆሊ ዋርሊክ የምትባል ቀድሞ ተማሪያቸው የነበረች፤ ከዚያም 27 ዓመት ረዳታቸው ሆና ያገለገለች ሴት አብዛኛውን ሥራ ተረከበች። በሚያዝያ ወር 2012 ዓ.ም. ወይዘሮ ፓት ወንበሩን ፈጽመው ለቀቁላት። ጊዜያቸው መድረሱን ራሳቸው ዐውቀው፤ ተተኪያቸውን ራሳቸው አዘጋጅተው ወረዱ። በዚያው ዓመት ፕሬዚዳንት ባራክ ኦባማ በአሜሪካ ለሲቪል ሰው ከሚሰጡት ሽልማቶች ከፍተኛ የሆነውን የነፃነት ሜዳልያ በአንገታቸው አጠለቁላቸው። ሆሊ ዋርሊክ እስከ 2019 ዓ.ም. ከሠራች በኋላም ወንበሩ የደረሰው ለኬሊ ሃርፐር ነው፤ እርሷም በ1990ዎቹ ዓመታት በእርሳቸው እጅ ስትማር በሦስት ዋንጫዎች የተካፈለች ናት። ስለዚህ እስከ 2024 ዓ.ም. ድረስ ያ ወንበር ከደቀ መዛሙርቶቻቸው እጅ አልወጣም።

ወይዘሮ ፓት ሰሚት በሰኔ ወር 2016 ዓ.ም. በ64 ዓመታቸው በኖክስቪል ከተማ ዐረፉ። በመጨረሻው ወራት የቀድሞ ተማሪዎቻቸው ከየአገሩ እየመጡ ይጠይቋቸው ነበር። በዚያው ዓመት መጨረሻ በኖክስቪል ባለው የዩኒቨርሲቲው ሐኪም ቤት በስማቸው የተጠራ የመርሳት በሽታ መታከሚያ ተከፈተ።

አሁን ወደ ነገራችን መደምደሚያ እንምጣ። ወይዘሮ ፓት በሞቱ ጊዜ 1,098 ድል በከፍተኛው ምድብ የዩኒቨርሲቲ ቅርጫት ኳስ ማንም ያልደረሰበት ቍጥር ነበር። በ2018 ዓ.ም. የወንዶች አሠልጣኝ ማይክ ሽሸቭስኪ፤ በ2020 ዓ.ም. መጨረሻም የስታንፎርድ ዩኒቨርሲቲ የሴቶች አሠልጣኝ ታራ ቫንደርቪር አለፉት፤ በኋላም ሌሎች ሌላ ቍጥር ያልፋሉ። የቍጥር ነገር እንዲህ ነው፤ ዛሬ ከፍ ያለው ነገ ዝቅ ይላል። የወይዘሮ ፓት የገዛ ትዝታም ከመሞታቸው በፊት ተወስዶባቸዋል። እንግዲህ ቍጥሩ ካለፈ፤ ትዝታውም ከጠፋ፤ ከ38 ዓመት ድካም ምን ተረፈ ብሎ የሚጠይቅ ቢኖር መልሱ ይህ ነው፤ የተረፈው በሌሎች ልብ ውስጥ ያስቀመጡት ነው። እርሳቸው የረሱትን ተማሪዎቻቸው ያስታውሱታል፤ ከእነርሱም ብዙዎቹ ራሳቸው አሠልጣኝና መምህር ሆነው ለሌላ ትውልድ ያስተላልፉታል። ሌባ ከጎተራ ያለውን እህል ሊወስድ ይችላል፤ በየማሳው የተዘራውን ግን ሊወስድ አይችልም።

ይህ ታሪክ በማናቸውም ሥራ ላይ ለተሾመ ሰው፤ ይልቁንም ሰውን ለማስተማር ለተሾመ፤ ሦስት ነገር ይመክራል። መጀመሪያው፤ የተሰጠው ሥራ ትንሽና የተናቀ ቢሆን ሳይንቅ ቢሠራው ሥራው ራሱ እንደሚያሳድገው ነው። ሁለተኛው፤ በእጁ ያሉትን ሰዎች ለሥራው መሣሪያ አድርጎ ብቻ እንዳያያቸው ነው፤ ድል ቢያመጡም ባያመጡም እንዲማሩና ራሳቸውን እንዲችሉ ማድረግ ዕዳው ነውና። ሦስተኛው ከሁሉ ይከብዳል፤ ዐቅሙ ሲደክም እውነቱን ተናግሮ፤ ቀድሞ ላዘጋጀው ሰው ወንበሩን መልቀቅ ነው። ተተኪ ያላዘጋጀ ሹም ሥራው የቱንም ያህል ያማረ ቢሆን አብሮት ይቀበራል።

መሥሪያ ቤትም ሆነ ትምህርት ቤት፤ ጉባኤም ሆነ የጨዋታ ሜዳ፤ በዚያ የሚመሩ ሁሉ በዓመቱ መጨረሻ ስንት ሥራ እንደ ተሠራ መዝገብ ያገላብጣሉ፤ ይህም ተገቢ ነው። ነገር ግን ከዚያው መዝገብ አጠገብ ሌላ ጥያቄ ቢቀመጥ ይበጃል፤ ነገ እኔ ብታጣ ወይም የማውቀውን ሁሉ ብረሳ፤ ካስተማርኋቸው መካከል ሥራውን ተረክቦ የሚቀጥል ማን ነው የሚል ነው። ለዚህ ጥያቄ በስም መልስ መስጠት የሚችል ኃላፊ አደራውን ጠብቋል።